የፍርሃት ድጋም

«ደገመ» የሚለው ቃላችን ሁለት ፊት አለው። አንድ አባት ማለዳ ተነስተው ዳዊታቸውን ሲያነበንቡ ብናገኛቸው «ዳዊት እየደገሙ ነው» ብለን ድምፃችንን ዝቅ እናደርጋለን። የማናውቀው ሰው ደጃችን ላይ ቆሞ ከንፈሩን ሲያንቀሳቅስ ካየን ግን «ምን እየደገመብን ይሆን?» ብለን እናማትባለን። ዳዊት መድገምም ድግምትም ከአንድ ግንድ የበቀሉ ናቸው። ልዩነቱ ማን፣ ለምን፣ በማን ላይ ይደግመዋል የሚለው ነው። በዚህ ዓምድ ስለ ደም ግፊትና ስለ ስኳር ስጽፍ የለመዳችሁኝ አንባብያን ዛሬ ምን ነክቷት ነው ትሉ ይሆናል። ነገሩ ግን የጤና ነው፤ የመጣውም ከአንባቢ ነው።

የደወሉልኝ እናት ሴት ልጃቸው የመጀመሪያ ልጇን ፀንሳ ሰባተኛ ወሯን ይዛለች። «ሲስተር» አሉኝ፤ «መኝታ ቤቷ ግድግዳ ላይ በእንግሊዝኛ የተጻፈ ነገር ለጥፋ ማታ ማታ ትደግመዋለች። ምንድን ነው ስላት ‹እማ፣ ፍርሃት የሚያሳልፍ ነው፣ ከፊልም ያገኘሁት ነው› ትለኛለች። እኔ እንቅልፍ አጣሁ። ድግምት ቢሆንስ? ደግሞስ እመቤታችንን ትታ የፊልም ጸሎት ይዛ ምጥ ልትገባ ነው?» የፊልሙን ስም ጠይቀው እንዲነግሩኝ ለመንኳቸው። ተመልሰው ደወሉ። «ዱን» ይባላል አሉኝ።

ዱንን አውቀዋለሁ። የልጅ ልጆቼ ፊልሙን ሲያዩ አጠገባቸው ተቀምጬ «አሁን ይሄ ማነው? ለምን ይጣላሉ?» እያልኩ ስላስቸገርኳቸው መጽሐፉን አምጥተው እጄ ላይ ጣሉልኝ። ወፍራም ነው፤ በመነጽርም አይቸኮልም። ጊዜ ያለው ጡረተኛ ግን ይጨርሰዋል።

የጻፈው ፍራንክ ኸርበርት የሚባል አሜሪካዊ የጋዜጣ ሰው ነው። ሐሳቡ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1957 ኦሪገን ውስጥ ፍሎረንስ በምትባል የባሕር ዳር ከተማ አጠገብ፣ መንግሥት የሚንሸራተተውን አሸዋ ሣር እየተከለ ሲያስቆም ለማየት በሄደ ጊዜ ነው። ሊጽፍ ያሰበው የጋዜጣ ጽሑፍ ነበር፤ አሸዋው ግን አልለቀቀውም። መጽሐፉን ከ20 በላይ አሳታሚዎች መልሰውለታል። በመጨረሻ በ1965 ያተመው ቺልተን፣ ይበልጥ የሚታወቀው በመኪና ጥገና መጻሕፍት ነበር። ከዚያ ወዲህ በ1984፣ በ2021 እና በ2024 ለሲኒማ ተሠርቷል። ኸርበርት የሞተው በ1986 ስለሆነ የኋለኞቹን ሁለቱን አላያቸውም።

ታሪኩ የሚካሄደው በሩቅ ዘመን፣ አራኪስ በምትባል ውኃ በሌላት የአሸዋ ፕላኔት ነው። በዚያ ዓለም ቤኔ ጄሰሪት የሚባል የሴቶች ማኅበር አለ። ከልጅነታቸው ጀምሮ አካላቸውንና አእምሯቸውን መግዛት የሚማሩ ሴቶች ናቸው፤ ግማሽ ገዳም፣ ግማሽ የስለላ ቢሮ በሏቸው። የፍርሃት ድጋሙ የእነሱ ነው።

መጽሐፉ ገና ሲጀምር ፖል የሚባል የ15 ዓመት ልጅ ለፈተና ይቀርባል። የማኅበሩ አሮጊት እናት ስፋቱም ቁመቱም 15 ሴንቲ ሜትር የሚሆን አረንጓዴ የብረት ሳጥን ታመጣና «እጅህን አስገባ» ትለዋለች። ከዚያም ጫፉ የተመረዘ ቀጭን መርፌ አንገቱ ላይ ትደግናለች። እጁን ከሳጥኑ ካወጣ ትወጋዋለች፤ ከተወጋ ይሞታል። ሳጥኑ ውስጥ ሥቃይ ብቻ ነው ያለው። መጀመሪያ ይነዝረዋል፣ ከዚያ ያቃጥለዋል፣ ከዚያ ሥጋው ተገፎ አጥንቱ የቀረ ይመስለዋል። ልጁ ያኔ እናቱ ጄሲካ ያስተማረችውን ድጋም በልቡ ይለዋል። ፈተናው አልቆ እጁን ሲያወጣ አንድ ጭረት እንኳ የለበትም። ሳጥኑ የነካው ነርቩን ብቻ ነበር።

በ2021ዱ ፊልም ላይ እናትየዋ በር ውጭ ቆማ ያንኑ ድጋም በተቆራረጠ ትንፋሽ ስትለው ትታያለች። የልጅ ልጆቼ ዓይናቸው ሳጥኑ ላይ ነበር፤ እኔ ግን እሷን አየኋት። በቀዶ ሕክምና ክፍል በር ላይ ነጠላቸውን ጨብጠው የሚቆሙትን እናቶች ስንት ዓመት አይቻቸዋለሁ! ውስጥ ያለው ልጅ ማደንዘዣ አለው፤ ውጭ ላለችው እናት ማን ይስጣት?

ድጋሙ አጭር ነው። አንድ ጥርብ ወረቀት ላይ ይሰፍራል፤ አረፍተ ነገሮቹም አብዛኞቹ በአንድ ትንፋሽ የሚያልቁ ናቸው። ቃል በቃል አላመጣውም፤ ሐሳቡን ግን በራሴ አባባል ልንገራችሁ። መጀመሪያ ተናጋሪዋ ፍርሃት ማሰቢያን እንደሚያጠፋ ለራሷ ትነግራለች። ከዚያ ፍርሃቱን አትታገለውም፣ አትሸሸውምም፤ እንደ ጎርፍ በላይዋም በውስጧም እንዲያልፍ ትለቀዋለች። ካለፈ በኋላ ዞር ብላ የሄደበትን መንገድ ታያለች። እዚያ ፍርሃቱ የለም፤ የቀረችው እሷው ናት። በቃ። የመልአክ ስም አልተጠራበትም፣ መንፈስ አልተለመነበትም፣ ማንም አልተረገመበትም። ሰው ለራሱ የሚናገረው ነገር ነው።

ይህ ነገር በነርስ ዓይን ሲታይ ከንቱ አይደለም። ሰው ሲፈራ ከኩላሊቶቹ በላይ የተቀመጡት ዕጢዎች አድሬናሊን ይለቃሉ፤ ልብ ይመታል፣ ትንፋሽ ያጥራል፣ ይፈጥናል። ትንፋሽ ከመጠን በላይ ሲፈጥን ደም ውስጥ ያለው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ይቀንስና ጣት መደንዘዝ፣ ከንፈር መቆርጠም፣ ራስ መዞር ይመጣል። በሽተኛው ይህን ሲሰማው «አለቀልኝ» ይላል፤ ፍርሃቱ ሌላ ፍርሃት ይወልዳል። የድንገተኛ ክፍል ባልደረቦቼ ይህን ክብ በደንብ ያውቁታል። ክቡን ከሚሰብሩት ነገሮች አንዱ ትንፋሽን ማዘግየት ነው። «ቀስ ብለሽ ተንፍሺ» ማለት ግን ቀላል፣ ማድረግ ከባድ ነው። አንድ ሰው በቃሉ የያዘውን ነገር በእርጋታ ሲደግም ትንፋሹ ሳይታዘዝ ይዘገያል፤ ሰው ሲናገር የሚያወጣው አየር ረጅም፣ የሚያስገባው አጭር ነውና።

ይህን ጣሊያናዊው ሐኪም ሉቺያኖ በርናርዲና ባልደረቦቹ ለክተውታል። ጥናታቸው በ2001 በብሪቲሽ ሜዲካል ጆርናል ወጥቷል። ለ23 ጤነኛ ሰዎች አንድ ጊዜ የካቶሊኮችን የመቁጠሪያ ጸሎት በላቲን፣ ሌላ ጊዜ የቡድሃ እምነት ተከታዮችን ድጋም አስደገሟቸው። በሁለቱም ትንፋሻቸው በደቂቃ ወደ 6 ገደማ ወረደ። ያረፈ አዋቂ ሰው በደቂቃ ከ12 እስከ 20 ጊዜ እንደሚተነፍስ አስቡ። የልብ ምታቸውና የደም ግፊታቸው መዋዠቅም ከትንፋሹ ጋር አብሮ ተስማማ። በእርግጥ ጥቂት ሰዎች ናቸው፣ ያውም ጤነኞች፤ በሽታ ፈወሰ የሚል ነገርም አልተጻፈበትም። እኔን ደስ ያሰኘኝ ግን ሌላ ነው። እግዚኦታውን 41 ጊዜ በመቁጠሪያ የሚያደርሱት እናቴም፣ ሙስበሃቸውን ይዘው 33 እያሉ የሚቆጥሩት ጎረቤታችንም መሣሪያ ሳይኖራቸው ይህን ያውቁት ነበር። ለምን እንደሚያሳርፋቸው ብትጠይቋቸው ግን ስለ ትንፋሽ አይነግሯችሁም። የሚነግሯችሁ ስለሚሰማቸው አምላክ ነው። ይህ ልዩነት ትንሽ አይደለም፤ ትንፋሽን ለክቶ ጸሎትን ጨረስኩት የሚል ሰው ካለ እኔ ከእሱ ጋር አይደለሁም።

እዚህ ላይ ነው ኸርበርት የጻፈው ድጋም እኛ ከለመድነው ነገር የሚለየው። እኛ ለፈራ ሰው ምን እንላለን? «አይዞሽ፣ አትፍሪ፣ ምንም የለም።» አይዞሽን እወደዋለሁ፤ ቋንቋችን ካሉት ቃላት ሁሉ እሱን የሚያህል መድኃኒት የለም። «አትፍሪ» ግን ትእዛዝ ነው፤ ፍርሃት ደግሞ ትእዛዝ አይሰማም። የፈራች ሴት «አትፍሪ» ስትባል ሁለት ሥራ ይሆንባታል፤ አንዱ መፍራት፣ ሁለተኛው መፍራቷን መደበቅ። የዱን ድጋምም በትእዛዝ ነው የሚጀምረው፤ ግን ሰው ራሱን ነው የሚያዘው፤ ወዲያውም ትእዛዙን ትቶ ፍርሃቱ ይምጣና ይለፍ ወደሚለው ይሻገራል። ማዋለጃ ክፍል ውስጥ ያየሁት ይህንኑ ነው። ምጥ ማዕበል ነው፤ ይመጣል፣ ጫፍ ይደርሳል፣ ይመለሳል። በመሃሉ እረፍት አለ። ማዕበሉን ጥርሷን ነክሳ ለመግታት የምትሞክር ሴት እረፍቱንም ታጣዋለች። አንድ ነገር እያለች የምታሳልፈው፣ «ማርያም፣ ማርያም» ትበል «ያ አላህ» ትበል፣ ትንሽም ብትሆን ታርፋለች።

ግራንትሊ ዲክ-ሪድ የሚባል እንግሊዛዊ የማህፀን ሐኪም በ1930ዎቹና በ1940ዎቹ በጻፋቸው መጻሕፍት ፍርሃት ጡንቻን ያጠብቃል፣ የጠበቀ ጡንቻ ሕመም ይጨምራል፣ ሕመሙ ደግሞ ፍርሃትን ያበዛል ብሎ ነበር። ብዙው ትክክል ነው። ነገር ግን ከእሱ ወዲህ የመጡ አንዳንድ ሰዎች «ካልፈራሽ አያምሽም» እስከ ማለት ደርሰዋል። ይህ ሐሰት ነው። ምጥ ያማል። የማይፈራም ያመዋል፤ አምላኳን የምትጠራም ያማታል።

አሁን ደግሞ ከመጽሐፉ ወደማልቀበለው ልለፍ። ያች የሳጥን አሮጊት ለልጁ የምትነግረው የፈተናው ምክንያት ሰውን ከእንስሳ ለመለየት ነው የሚል ነው። ወጥመድ ውስጥ የገባ እንስሳ እግሩን በልቶ ያመልጣል፤ ሰው ግን ታግሦ ይጠብቃል ትላለች። ስለዚህ ሥቃይ የቻለ ሰው ነው፤ ያልቻለ ይወጋ። እኔ ሠላሳ ዓመት ያህል በሽተኛ አጠገብ ቆሜያለሁ። የሚጮሁ፣ የሚሳደቡ፣ እጄን ነክሰው ያደሙኝ ነበሩ። አንዳቸውም ከሰውነት አልወጡም። ማግሥቱን «ሲስተር፣ ይቅርታ» ይሉኛል፤ «ለምኑ?» እላቸዋለሁ።

ይህ ለእኛ ሩቅ ነገር እንዳይመስላችሁ። «እገሊት እኮ ድምጿ ሳይሰማ ተገላገለች» እያልን እናሞግስ የለ? ያች ድምጿ የተሰማው ታዲያ ምን ልትባል ነው? ስሙን በማልጠራው አንድ ሆስፒታል በምጥ የያዛትን ሴት «ምን ያስጮህሻል፣ ሌላውም ይወልዳል» ብለው የሚያመናጭቁ ባለሙያዎችን በጆሮዬ ሰምቻለሁ። እንዲህ ያለው ቦታ ላይ የሳጥኑ አሮጊት ነጭ ጋውን ለብሳ ቆማለች። የፍርሃት ድጋም ከዚህ ሰው አፍ ሲወጣ መድኃኒትነቱ ያልቅና ማፈኛ ይሆናል። ድጋም የሚረዳው ባለቤቱ ሲመርጠው ነው።

ኸርበርት ራሱ ይህን አላጣውም። ቤኔ ጄሰሪቶች ወደ ሩቅ ፕላኔቶች ሰዎች እየላኩ የትንቢትና የአምልኮ ቃላት ይዘራሉ። ሕዝቡ በትውልድ ብዛት የራሱ እምነት ያደርገዋል። ኋላ ከእነሱ አንዷ ችግር ሲያጋጥማት የተዘራውን ቃል ትጠራና ሕዝቡ ይንበረከክላታል። ጄሲካና ልጇም አራኪስ ላይ ነፍሳቸውን ያተረፉት በዚሁ ነው፤ መጨረሻው ግን በልጁ ስም የሚካሄድ ጦርነት ሆነ። ስለዚህ በአንድ ማኅበር እጅ ራስን የሚያሳርፍ ድጋምም፣ ሰውን የሚያስር ድግምትም አለ። በመጀመሪያ ያነሳሁላችሁ የ«ደገመ» ሁለት ፊት እዚህ ልብ ወለድ ውስጥ በአንድ ጣሪያ ሥር ይኖራል።

ወደ እናትየዋ ጥያቄ ልመለስ። «እሜቴ» አልኳቸው፤ «ልጅዎ የለጠፈችው ድግምት አይደለም። በማንም ላይ አልተደገመም። እሷው ለራሷ የምትለው ነው።» ትንሽ ተነፈሱ። «ታዲያ ጸሎት ነው?» አሉኝ። ጸሎትም አይደለም፤ ጸሎት የሚሰማ አለው። ይህ ምርኩዝ ነው። ምርኩዝ የያዘ ሰው ቤተ ክርስቲያን አይገባም የተባለበት አገር የለም። ማርያምንም ትጥራ፣ ይህንንም ትበል፤ በምጥ መሃል ቃል አይበዛም። በልጅቷ አንድ ነገር ደግሞ አደነቅሁ፤ ማታ ማታ ትለማመደዋለች። ምጥ መጥቶ የሚጠና ነገር የለም። ፖልም ሳጥኑ ፊት ቆሞ አልተማረውም።

ከዚያ እኔ በተራዬ ጠየቅኳቸው። «እርስዎስ አብረዋት ገብተው ምን ሊሏት አስበዋል?» «እኔማ አይዞሽ፣ አትፍሪ ነው እንጂ ሌላ ምን እላለሁ» አሉ። አይዞሽን ያስቀሩ፣ አትፍሪን ይተዉ አልኳቸው። በእሱ ፈንታ «ፈራሽ? እዚሁ ነኝ» ይበሏት። የዓለም ጤና ድርጅት በ2018 ባወጣው የወሊድ መመሪያ እያንዳንዷ ወላድ ራሷ የመረጠችው ሰው አጠገቧ እንዲሆን ይመክራል፤ ሕመም ለማስታገስ ከሚጠቅሳቸው መንገዶችም ትንፋሽ ማዘግየትና ጡንቻ ማላላት ይገኙበታል። የምትወልድበት ተቋም አጃቢ ያስገባ እንደሆነ ከአሁኑ ይጠይቁ፤ በር ላይ ደርሶ መከራከር ለእርስዎም ለእሷም አይሆንም።

አንድ ነገር ግን ጠበቅ አድርጌ ነገርኳቸው፤ እናንተም ያዙልኝ። የድጋሙ መጨረሻ ላይ «ዞር ብሎ ማየት» እንዳለ አስተውሉ። ፍርሃቱ ሲያልፍ ዓይን ይከፈታል፤ የተከፈተ ዓይን ደግሞ እውነተኛ አደጋ ካለ ያያል። ነፍሰ ጡር ሴት ደም ከፈሰሳት፣ ኃይለኛ ራስ ምታት ከያዛት ወይም ዓይኗ ከተጭበረበረባት፣ ካንቀጠቀጣት፣ የሽርት ውኃዋ ያለ ጊዜው ከፈሰሰ፣ ትኩሳት ከያዛት ወይም ጽንሱ መንቀሳቀሱን ከቀነሰ ቤት ቁጭ ብሎ የሚደገም ነገር የለም። ዳዊትም ይሁን ዱን፣ የሚደገመው ወደ ጤና ጣቢያ በሚወስደው መኪና ውስጥ ነው። ደረቱን ተጫን ተጫን ያደረገው፣ ግራ እጁን የከበደው አባወራም እንዲሁ። አንዳንድ ፍርሃት መልእክተኛ ነው፤ መልእክቱን ሳይሰሙ መሸኘት አይገባም።

ከአዋቂዎች ይልቅ የሚያሳዝኑኝ ልጆች ናቸው። እኛ አገር ልጅ ሲያስቸግር «ዋ! መርፌ ነው የማስወጋህ!» ይባላል። ፍርሃቱን እኛው ዘርተን፣ የክትባት ቀን «አያምህም» ብለን እንዋሸዋለን። መርፌው ሲገባ ያመዋል። ልጁ ያን ቀን ሁለት ነገር ይማራል፤ መርፌ እንደሚያም፣ እናቱ እንደምትዋሽ። እውነቱን ንገሩት፤ «ትንሽ ያምሃል፣ ቶሎ ያልፋል፣ እጄን ያዝ» በሉት። የሚደግመው ነገርም አስቀድማችሁ ስጡት፤ ወይም ራሱ ይምረጥ። ሃሌ ሉያ ይሁን፣ ቢስሚላህ ይሁን፣ ሀሁ ይሁን። የተቀደሰው ነገር ለእሱ የታወቀ መሆኑ ነው።

የዘጠኝ ዓመቱ የልጅ ልጄ በቅርቡ መንጋጋ ጥርስ ሊነቀል ሲሄድ የዱንን ድጋም ላስተምረው ብል «ረጅም ነው» ብሎ እምቢ አለኝ። ራሱ ያገኘው ሌላ ነበር። ሁልጊዜ ከእናቱ ጋር የሚሳፈርበትን ታክሲ ረዳት፦ ጀሞ፣ ጀርመን፣ መካኒሳ፣ ሳር ቤት፣ ሜክሲኮ። አፉ ተከፍቶ መናገር ስለማይችል በጣቶቹ እየቆጠረ በልቡ አለው። ሲወጣ ጉንጩ አብጧል፣ ከንፈሩ ደንዝዟል። «ማደንዘዣው መርፌ ሲገባ መካኒሳ ነበርኩ» አለኝ፤ «ሲወጣ ሳር ቤት።» ጥርሱ ሲነቀልስ አልኩት። በደነዘዘ ከንፈሩ እየተንተባተበ «ሜክሲኮ ደርሼ ‹ወራጅ አለ!› አልኳቸው» አለኝ።